እንጉርጉሮና ማይክሮፎን፤ በባቲ ቅኝት መነሻነት የቀረበ አስተያየት

በዚህ አጭር ጽሑፍ የምንመረምረው ጥያቄ ይህ ነው፤ በዘመናዊው ዘፈናችን ውስጥ ለአንድ ሰው ጆሮ ብቻ የሚነገር የሚመስለው ለስላሳ አዘፋፈን ከውጭ የተቀዳ ነውን?

ተቀድቷል ባዮች አሜሪካን ይጠቅሳሉ። በዚያ አገር እ.ኤ.አ. በ1925 የኤሌክትሪክ ማይክሮፎን ለሸክላ ቀረጻ ከመዋሉ በፊት ዘፋኝ የሚባለው አዳራሹን በጉሮሮው የሚሞላ ሰው ነበር። እ.ኤ.አ. በ1927 በወጣው «ዘ ጃዝ ሲንገር» በተባለው ፊልም የዘፈነው አል ጆልሰን ከዚህ ወገን ነው። ቢንግ ክሮስቢ ግን ማይክሮፎኑን እንደ ወዳጅ ጆሮ ቆጥሮ አንጎራጎረለት፤ ራዲዮና ፊልምም በየአገሩ አዳረሱት። ነቃፊም አልጠፋ፤ የቦስተኑ ካርዲናል ኦኮነል እ.ኤ.አ. በ1932 አዘፋፈኑን አጥብቀው አወገዙ።

በእኛ ዘንድ ግን እንጉርጉሮ ማይክሮፎንን ይቀድማል። ከአራቱ የታወቁ ቅኝቶች አንዱ የሚጠራው ዋና ከተማው ከሚሴ በሆነው የኦሮሞ ብሔረሰብ ዞን ውስጥ በምትገኘው፣ በሰኞ ገበያዋ በታወቀችው በባቲ ስም ነው፤ አምባሰልም የወሎ ነው። ክራር በጥቂት ሰዎች መካከል ሲደረደር ድምፁ አይጮኽም፤ ዘፋኙም ድምፁን ካላለዘበ ክራሩን ይውጠዋል። ካሳ ተሰማንና አስናቀች ወርቁን ያዳመጠ ይህን አይክድም።

ታዲያ ማይክሮፎን ምን ጨመረ? ይህ ለስላሳ ድምፅ በክቡር ዘበኛ ኦርኬስትራ ጡሩምባዎች ፊት ብቻውን ሊሰማ ባልቻለም ነበር። ጥላሁን ገሠሠ ጉልበታም ድምፁን ይዞ ሳለ ሲፈልግ ወደ ሹክሹክታ ዝቅ ማለት የቻለው በዚህ መሣሪያ ረዳትነት ነው። ማሕሙድ አሕመድ እ.ኤ.አ. በ1975 በሸክላ ባስቀረጸው ረዥም ትዝታም ኤሌክትሪክ ጊታርና ኦርጋን እንጉርጉሮውን አልሸፈኑትም።

ይሁን እንጂ የጎደለ ነገር አለ። በአዝማሪ ቤት አድማጩ «ተቀበል» ብሎ ግጥም ይሰጣል፤ አዝማሪውም ተቀብሎ ያዜመዋል። የሸክላው ዘፋኝ ግን በጆሯችን ሹክ ይለናል እንጂ እኛን አይሰማንም። ስለዚህ ቅርበቱ ግማሽ ቅርበት ነው እንላለን።

ከዚህ የተነሣ የሙዚቃ ተማሪዎች ቅኝቱን ከሸክላ ብቻ መማራቸው አይበቃም። ወደ ባቲና ወደ ከሚሴ ወርደው በኦሮምኛም በአማርኛም የሚንጎራጎረውን ከነተቀባዩ ሊቀርጹ ይገባል። ስሙን ወስደን ባለቤቱን መርሳት ደግ አይደለምና።