ንጉሡ ጦሩን የረሳበት ዜማ

ድምፅ ዓለምን የሚቀይርበት ልብ ወለድ ዛሬ ብርቅ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1998 በወጣው «ኦካሪና ኦፍ ታይም» የተባለ የኒንቴንዶ ጌም ላይ ልጁ ዋሽንት ቢጤውን ሲነፋ ዝናብ ይዘንባል፣ ቀኑ ይመሻል። ቶልኪን ደግሞ በ«ሲልማሪሊዮን» ዓለምን ራሷን የሚጀምራት ከዜማ ነው። ሁለቱንም እወዳቸዋለሁ። ግን ስለ ድምፅ ኃይል ከሁለቱም የጠለቀ ነገር የሚነግረን ግንቦት 11 በስንክሳር የሚነበበው የቅዱስ ያሬድ ታሪክ ይመስለኛል። የእምነቱን ጉዳይ ለባለቤቶቹ ልተወውና እዚህ የማየው ትረካውን ብቻ ነው።

ታሪኩን አብዛኞቻችን እናውቀዋለን። ትምህርት አልገባ ያለው ልጅ ከአጎቱ ከጌዴዎን ሸሽቶ ሲሄድ፣ አንዲት ትል ዛፍ ላይ ለመውጣት ደጋግማ ስትወድቅ፣ በመጨረሻም ስትወጣ አይቶ ተመለሰ። በኋላ ሦስት ወፎች ወደ ሰማያዊቷ ኢየሩሳሌም ወሰዱት፣ እዚያ የሰማውንም ዜማ አክሱም ላይ አዜመው። አንድ ቀን በንጉሥ ገብረ መስቀል ፊት ሲያዜም፣ ንጉሡ በተመስጦ ጦሩን ያሬድ እግር ላይ ተከለው። ደሙ ፈሰሰ። ዜማው እስኪያልቅ ግን ሁለቱም አላወቁም።

እዚህ ላይ ቆም እንበል። ጌሙ ውስጥ ዜማ ቁልፍ ነው፤ ትክክለኛዎቹን ኖታዎች ከነካህ ሰማዩ ይታዘዝሃል። እንደኔ ኮድ ለሚጽፍ ሰው ይሄ የለመደው ነገር ነው፦ ፈንክሽኑን ትጠራለህ፣ ውጤቱን ታገኛለህ። በዚህ ትዕይንት ግን ከውጭ የተቀየረ ምንም የለም። ጦሩ ያው ጦር ነው፣ ደሙም ደም። የተቀየሩት ሁለቱ ሰዎች ናቸው። ንጉሡ በእጁ የያዘውን መሣሪያ ረሳ፤ ዘማሪው የገዛ ገላውን ረሳ። ሕልም የሚመስለው ዓለም የቆየው ዜማው እስኪያልቅ ብቻ ነው፤ ሲያልቅ ቁስሉ እዚያው ነበር። ያቆሰለውም ጠላት አይደለም፣ ከልቡ ሲያደምጠው የነበረ ሰው ነው። ጦር የያዘ አድናቂ ጦሩን የት እንደሚያቆም ላያስተውል ይችላል።

ብዙ ጊዜ የሚቆረጠው ከዚህ በኋላ ያለው ነው። ንጉሡ ደንግጦ ለፈሰሰው ደም ካሳ የፈለገውን እንዲጠይቅ ነገረው። ያሬድ መጀመሪያ አስማለው፤ ከዚያ መንኖ እንዲሄድ እንዲያሰናብተው ጠየቀ። ንጉሡ አዘነ፣ ግን አንዴ ምሏል። ያሬድም ወደ ሰሜን ተራሮች ሄደ። የምናውቃቸው ሥዕሎች ጦሩ ላይ ይቆማሉ። «ተስፋ አትቁረጥ» የሚሉ የማበረታቻ ንግግሮች ደግሞ ትሏ ላይ ይቆማሉ። መጨረሻውን ስትጨምርበት ነው ታሪኩ የሚከብደው፦ ንጉሡ አብዝቶ የወደደውን ድምፅ ያጣው በራሱ ጦርና በራሱ መሐላ ነው።

ታዲያ ሰውየው ሲሄድ ዜማው ለምን አልጠፋም? መልሱ ከተአምሩ ባልተናነሰ ይገርማል። የዜማውን ምልክቶች የሠሯቸው በ16ኛው ክፍለ ዘመን፣ በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን፣ አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል እንደሆኑ ይነገራል። ይዘት፣ ደረት፣ ርክርክ፣ ጭረት ከሚባሉት ሌላ፣ ከቃሉ በላይ በደቃቁ የሚጻፉ ፊደላት አሉ። እነዚህ ፊደላት ድምፁን ራሱን አይዙም። የሚሉት «ይህን ቃል፣ ያንን የምታውቀውን ቃል ባዜምክበት ዜማ በለው» ነው። በኛ ሙያ ይሄ ፖይንተር ይባላል፤ ዕቃው ሳይሆን ዕቃው ያለበት አድራሻ ማለት ነው። አድራሻው የሚመራህ ደግሞ ወደ ተማሪው ትዝታ ነው። ያ ትዝታ ከሌለ ብራናው ሙሉ ሆኖ ሳለ ዝም ይላል።

እኔ ካለሁበት ከመራዊ ብዙ ሳይርቅ፣ እዚሁ ጎጃም ውስጥ፣ ዋሸራና ጎንጅ ለቅኔ አሉ። ድጓ ለማስመስከር ግን ባሕር ዳርን አልፎ ደቡብ ጎንደር፣ ቤተልሔም ድረስ መሄድ ነው፤ ለዝማሬ መዋሥዕት ደግሞ ዙር አባ። ዛሬ ዜማው ዩቲዩብና ቴሌግራም ላይ ሞልቷል፣ መኖሩም ጥሩ ነው። ነገር ግን ቅጂ የሚያስቀምጥልህ አንድ ቀን የተዜመውን ድምፅ ነው። አድራሻውን የሚያነብ ጆሮ የሚሠራው እንደ ትሏ እየወደቁ በመነሳት፣ በመምህር ፊት ዓመታት በመቀመጥ ነው። ያ ሰንሰለት ከተቆረጠ ፋይል አይቀጥለውም።

በአማርኛ ፋንታሲ ለመጻፍ ወይ ጌም ለመሥራት የምታስቡ ልጆች እንዳላችሁ አውቃለሁ። ዝናብ የሚያዘንብ ዋሽንት ከመዋሳችሁ በፊት ይህን ታሪክ እስከ መጨረሻው አንብቡት። ድምፃችሁ ኃይል ይኑረው፤ ግን ማን እንደሚቆስልበትና ዘማሪው ሲሄድ ማን እንደሚያስታውሰውም አስቡበት።