የጠበቃው ብዕር

ክሺሽቶፍ ፒየሼቪች ፊልም መጻፍ ሳይጀምር የዋርሶ ጠበቃ ነበር። ዳይሬክተሩን ክሺሽቶፍ ኪየሽሎቭስኪን የተዋወቀው እ.ኤ.አ. በ1982 ነው፤ ዳይሬክተሩ በፖላንድ በወታደራዊ አዋጅ ዘመን የሚካሄዱትን የፖለቲካ ችሎቶች በዘጋቢ ፊልም ለመቅረጽ አስቦ ነበር። ከዚያ ትውውቅ በ1985 የመጀመሪያው የጋራ ፊልማቸው ተወለደ። አሥርቱን ትእዛዛት ፊልም እናድርጋቸው ብሎ ሐሳቡን ያመጣውም ጠበቃው ነው። ለፖላንድ ቴሌቪዥን የተሠራው ባለ አሥር ክፍሉ «ዴካሎግ» እኔ የፊልም ድርሰትን የምመዝንበት ሚዛን ነው።

መጀመሪያ የማየው ዕቃዎቹን ነው። በክፍል አንድ፣ በስሌት የሚያምን አባት ልጁ ሊንሸራተትበት የፈለገው የሐይቅ በረዶ ስንት ክብደት እንደሚሸከም በኮምፒዩተር ያሰላል። ስሌቱ፣ አይሰበርም ይላል። በማግስቱ አባትየው ጠረጴዛው ላይ ሲሠራ የቀለም ጠርሙሱ ማንም ሳይነካው ይፈስና ወረቀቱን ያርሳል። የጮኸም የተነበየም የለም፤ የተመልካቹ ልብ ግን ከአባትየው ቀድሞ ይደነግጣል። ደካማ ጸሐፊ እዚህ ላይ አባትየውን ስለ ፍርሃቱ ያናግረው ነበር። በረዶው ተሰብሮ ልጁ ከሞተ በኋላ፣ በመጨረሻ የሻማው ሰም በእመቤታችን ሥዕል ጉንጭ ላይ እንደ እንባ ይወርዳል።

ሁለተኛው፣ ጸሐፊው ምን እንደ ቆረጠ ነው፤ ለእኔ ትልቁ ፈተና ይኸ ነው። በክፍል አምስት ያጼክ የሚባል ወጣት አንድ የታክሲ ሾፌር ያለ ምክንያት በገመድ አንቆ፣ በድንጋይ ቀጥቅጦ ይገድላል። ግድያው ይረዝማል፣ ያስጨንቃል። ከዚያ በኋላ የምንጠብቀው ክርክሩን ነው፤ ምስክሩን፣ የጠበቃውን ንግግር። ድርሰቱ ግን ይዘለውና ፍርዱ ሲነበብ ብቻ ያስገባናል። ዕድሜውን በችሎት ያሳለፈ ሰው ከማንም በላይ የሚያውቀውን፣ ሊያጌጥበት የሚችለውን ትዕይንት ጣለው! ለራሱ ሙያ ያልሳሳ ጸሐፊ ማለት እንዲህ ያለ ነው።

ያጼክ ታናሽ እህቱ እንዴት እንደሞተች የሚናገረው ሊሰቀል ጥቂት ሲቀረው ነው፤ አብሮት ሲጠጣ የነበረ ጓደኛው በትራክተር ገጭቶ ገድሏታል። ይህ ታሪክ ከግድያው በፊት ቢነገረን ማመካኛ በሆነ ነበር። ገመዱ አጠገብ መነገሩ ግን ሁለተኛ ሰው ሊገደል መሆኑን ያሳየናል። የዚህ ክፍል ረዘም ብሎ ለሲኒማ የወጣው ቅጂ በ1988 በካን የዳኞችን ሽልማት አገኘ፤ ፖላንድ የመጨረሻውን የሞት ቅጣት የፈጸመችውም በዚያው ዓመት ነው።

ጥያቄውም ይመዘናል። በክፍል ሁለት ከሌላ ሰው የጸነሰች ሴት ሐኪሙን፣ ባሌ ይድናል ወይስ ይሞታል ብላ ትይዘዋለች፤ ከዳነ ጽንሱን ታስወርዳለች። ሐኪሙ የሚመልሰው ቃል ሕይወት ያተርፋል ወይም ያጠፋል። በክፍል ስምንት ይኸው ታሪክ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች የሚወያዩበት ጥያቄ ሆኖ ይመለሳል፤ መልስ የሌለው ጥያቄ አንዴ ታይቶ አያልቅም።

ሁሉን አላወድስም። ሁለቱ ኋላ የሠሩት «ሦስቱ ቀለማት» የተባለው ባለ ሦስት ፊልም ሥራ መዝጊያ የሆነው «ቀዩ» ለኦስካር በድርሰት ዘርፍ ታጭቷል፤ የሦስቱም ፊልሞች ዋና ሰዎች ከአንድ የመርከብ አደጋ አብረው መትረፋቸው ግን የጸሐፊውን እጅ አጋልጦብኛል። ዴካሎግ ውስጥ ያ እጅ አይታይም።

ያላያችሁት ካላችሁ በክፍል አንድ ጀምሩ። ሁለተኛ ስታዩት ድምፁን ዝጉና የቀለሙን ጠርሙስ ጠብቁ።