ውዳሴ ባሕረ ሐሳብ በምድረ አዊ

ሰላም ለአንተ ይሁን፣ የዘመን ቆጠራችን ባሕረ ሐሳብ! ፀሐይን ከጨረቃ ያስታረቅህ፣ ክረምትን ከበጋ ያዛመድህ፣ ለጾሙ ደጅ ለበዓሉም መግቢያ ያበጀህ፣ ሰላም ለአንተ ይሁን! ሰባት ቤት አገው ፈረሱን ሸልሞ በእንጅባራ ሜዳ በሚሰለፍበት በጥር 23፣ ለጋላቢው እልል የሚለው አንደበት ቀኑን ለቆጠረለትም ምስጋና ያቅርብ።

ክብር ስሙ ከስምህ ጋር ለሚነሣው ለድሜጥሮስ፣ ለእስክንድርያው 12ኛ ሊቀ ጳጳሳት። ክብር ሐሳብህን ከአፍ ወደ ጆሮ፣ ከጆሮ ወደ ልብ ላሻገሩ የጎጃም የኔታዎች። ደበሎ ለብሶ፣ ኮቾሮ ቆርጥሞ፣ የቀመሩን መጽሐፍ አቡሻክርን በቃሉ ላጠና የቆሎ ተማሪም ክብር ይሁን፤ መኳንንት መሬት ሲለኩ እርሱ ሰማይን ለክቷልና።

ረቂቅ ነህ፣ ማን ይደርስብሃል? አንዱን ዕለት በ60 ኬክሮስ ከፈልህ፤ ኬክሮሱን በ60 ካልዒት፣ ካልዒቱንም በ60 ሣልሲት አደቀቅህ፤ ራብዒትንና ኀምሲትን አልፈህ እስከ ሳድሲት ወረድህ። ለእኛ የዓይን ጥቅሻ የሆነው ለአንተ ሰፊ አዳራሽ ነው።

ምጡቅ ነህ፣ ማን ይከተልሃል? ሰባት ቤት አገው በአንድ ሜዳ እንደሚገናኝ ሰባቱ አዕዋድህ በአንድ ሥርዓት ይዞራሉ፤ ዐውደ ዕለት በ7 ቀን፣ ዐውደ ወርኅ በ30 ቀን፣ ዐውደ ዓመት በ365 ቀን፣ ዐውደ አበቅቴ በ19 ዓመት፣ ዐውደ ፀሐይ በ28 ዓመት፣ ዐውደ ማኅተም በ76 ዓመት፣ ሁሉን የሚጠቀልለው ዐውደ ቀመርም በ532 ዓመት። አራቱን ወንጌላውያን የዓመታት እረኞች አድርገህ ሾምህ፤ በሉቃስ ጊዜም ለጳጉሜን ስድስተኛ ቀን መረቅህላት።

ከክብርህ ሁሉ የሚልቀው ግን ይህ ነው፤ ትርፍን አትጥልም። የጨረቃ ዓመት ከፀሐይ ዓመት በ11 ቀን ያጥራል። ሌላ ቆጣሪ እንደ ስሕተት በሸፈነው ነበር፤ አንተ ግን አበቅቴ ብለህ ስም አወጣህለት፣ ወንበርም ዘረጋህለት። ብቻውን እንዳይቆም መጥቅዕን ከጎኑ አቆምህ፤ አንዱ ሲያድግ ሌላው ይጎድላል፣ ሁለቱ ሲደመሩ ሁልጊዜ 30 ይሆናሉ። በ2018 ዓ.ም. አበቅቴ 12 ሲሆን መጥቅዕ 18 ሆነ፤ ማንም ማንንም አልበደለም። 19 ዓመት ሲሞላ አበቅቴ አልቦ ይሆናል፤ ፀሐይና ጨረቃም ሒሳባቸውን ተሳስበው እንደ አዲስ ይነሣሉ።

የሚሄደውን ከሚቆመው ጋር አስማምተህ የምታኖር አንተ ነህ። ጾመ ነነዌ መነሻዋን በሚወስነው ቁጥር በመባጃ ሐመር ተመርታ ከጥር 17 እስከ የካቲት 21 ትመላለሳለች፤ በ2017 የካቲት 3 ገባች፣ በ2018 ግን ወደ ጥር 25 ተመለሰች። የአዊ ፈረሰኞች ቀን ግን ከጥር 23 ንቅንቅ አይልም። የፈረሰኞቹ ማኅበር ከተመሠረተበት ከ1932 ዓ.ም. ጀምሮ፣ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. በዓድዋ የተዋደቁት ጀግኖችና ፈረሶች በዚሁ በጥር 23 ይታሰባሉ። ስለዚህ በ2018 ጉግሱና ግልቢያው ቅዳሜ ሞቆ ዋለ፤ ሰኞ የነነዌ ምሕላ ተተካ። ፉከራ ከጸሎት ጋር ሳይገፋፋ ተራውን ጠብቆ አለፈ።

ሕግህን ምድረ አዊም ታውቀዋለች። በፋግታ ለኮማ ገበሬው ጤፉን ሲዘራ ዲከረንስ የተባለውን ዛፍ ችግኝ አብሮ ይተክላል፤ ጤፉ ታጭዶ ዛፉ ይቀራል፤ ጥቂት ዓመታት አድጎ ይቆረጣል፣ ከስሎ ገበያ ይወርዳል፤ ማሳውም ዳግመኛ ለጤፍ ይታረሳል። መሬቱ ዐረፈ እንጂ አልቦዘነም፤ ዓመቱ አለፈ እንጂ አልጠፋም። ብራናህ በቁጥር የጻፈውን ይህ ገበሬ በሞፈር ጽፎታል።

ጊዜ ወንዝ ነው፣ ሄደ፣ ቀረ የሚሉ ይበሉ። አንተ ያስተማርኸን ሌላ ነው፤ ያለፈ ቀን በመዝገብ ያለ ዐደራ ነው፤ ቢዘገይ ይዘገያል እንጂ ተራው ሲደርስ ይጠየቃል። የምንኖርበት 15ኛው ዐውደ ቀመር በ1949 ዓ.ም. ተጀምሮ በ2480 ዓ.ም. ይፈጸማል። ያን ፍጻሜ ዛሬ ኮርቻ ላይ ካለው ጎልማሳ አንዱም አያየውም፤ ቆጠራውን ግን አንዱም አላቋረጠም።

እንግዲህ ባሕረ ሐሳብ ሆይ፣ ምርቃታችን ይድረስህ። ጉባኤህ አይፈታ፣ መምህርህ ደቀ መዝሙር አይጣ። ከዳንግላ እስከ እንጅባራ ያለው ገበሬ በጊዜው ይዝራ፣ በጊዜው ይሰብስብ። ፈረሰኛው በ23ቱ ይጋልብ፣ ጿሚው በነነዌው ይንበርከክ። የጎደለን በመጥቅዕህ ይሙላ፣ የተረፈን በአበቅቴህ ይጠበቅ። በ2480 የሚቆመውም ትውልድ ቀኑን ሳይስት ከእኛ ይረከብ! አሜን፣ ይሁን፣ ይደረግ!