በአውጫጩ ያልተቀመጠ ደራሲ

«ገዳዩ ማነው?» ከሚል ጥያቄ ብቻ የሚነሣ ድራማ መልሱ በታወቀበት ሰዓት ያበቃለታል። ጀርመናዊው ኸርበርት ራይነከር ይህን ጠንቅቆ ያወቀ ደራሲ ነበር። በምዕራብ ጀርመን ሁለተኛው የቴሌቪዥን ጣቢያ እ.ኤ.አ. ከ1969 እስከ 1976 የታየውን የ«ዴር ኮሚሳር»ን 97 ክፍሎች፣ ከ1974 እስከ 1998 የዘለቀውንም የ«ዴሪክ»ን 281 ክፍሎች በሙሉ የጻፈው እርሱ ብቻ ነው። «ዴሪክ» ከመቶ በሚበልጡ አገሮች ታይቷል።

በመጀመሪያዎቹ የ«ዴሪክ» ክፍሎች ገዳዩ ለተመልካች ገና ከመነሻው ይገለጥ ነበር። ተመልካች ስላልወደደው አሠራሩ ኋላ ተለወጠ፤ ይሁን እንጂ የድራማው ዐይን ከድርጊቱ ይልቅ በሕሊና ላይ እንዳረፈ ቀረ። ተኩሱ ጥቂት፣ ሩጫው ጥቂት ነው። መርማሪው በሙኒክ ባለጸጎች ሳሎን ገብቶ ይጠይቃል፤ ዝም ይላል፤ ያንኑ መልሶ ይጠይቃል። ለጋዝጊብላም ሆነ ለሌላው የደጋ አገር አንባቢ ይህ እንግዳ ነገር አይደለም፤ አውጫጭ ነው። በአውጫጭ የአገሩ ሰው ተሰብስቦ፣ ምሎ፣ በደለኛው እስኪወጣ ድረስ ይቀመጣል፤ ከሸንጎው የቀረ ሰው በመቅረቱ ብቻ ይጠረጠራል።

ምልልሱ ግን ብዙ ጊዜ ይደክማል። ገጸ-ባሕርያቱ የተጠየቁትን ቃል በቃል እየደገሙ ይመልሳሉ፤ ሽማግሌውም ወጣቱም፣ ሀብታሙም ሎሌውም በአንድ አፍ ይናገራሉ፤ አፉም የደራሲው ነው። ይህን ያህል ብዛት ለብቻው ለጻፈ ሰው ይህስ ይቅር ይባልለት።

ይቅር ለማለት የሚያዳግተው ሌላ ነው። በ1914 በሐገን ከተማ የተወለደው ራይነከር ብዕሩን ያሟሸው በሂትለር ወጣቶች ድርጅት ኅትመቶች ሲሆን፣ በጦርነቱ ጊዜ ቫፈን ኤስ ኤስ የተባለው የናዚ ጦር ዘጋቢ ነበር። ከዲሬክተሩ ከአልፍሬድ ቫይደንማን ጋር የደረሰው «ዩንገ አድለር» የተባለው የ1944 ፊልም የአውሮፕላን ፋብሪካ ወጣቶችን እያሳየ ትውልዱን ለጦርነቱ የሚቀሰቅስ ነው። ከዐሥር ዓመት በኋላ ያው ጸሐፊና ያው ዲሬክተር «ካናሪስ» በተባለው ፊልም የሂትለርን የስለላ ሹም የሕሊና ሰው አድርገው አቀረቡ።

እንግዲህ በ1970ዎቹ ዓመታት ዴሪክ ፊት የሚቀመጡት የሃምሳና የስድሳ ዓመት ባለጸጎች ከሠላሳ ዓመት በፊት የት ነበሩ? ምን ሠሩ? መርማሪው ስለ ውርስ፣ ስለ ቅናት፣ ስለ ልጅ ማጥፋት ሌሊቱን ሙሉ ሲያፋጥጣቸው ይህን ጥያቄ እምብዛም አያነሣም። አውጫጩን የጠራው ሰው ራሱ ከሸንጎው ቀርቷልና። በ1990 ያሳተመው የሕይወት ታሪኩ ስለዚያ ዘመን ይተርካል፤ ዳሩ ግን ትዝታ ሰው ስለ ራሱ የሚሰጠው ቃል ነው፤ መስቀለኛ ጥያቄ ያለው በድራማ ውስጥ ነበር፤ መድረኩም ለሃያ አራት ዓመት በእጁ ነበር።

ራይነከር በ2007 ሞተ። ዴሪክን ሆኖ የተጫወተውና በ2008 የሞተው ሆርስት ታፐርትም የቫፈን ኤስ ኤስ አባል እንደነበረ በ2013 ተገለጠ፤ ጣቢያውም ድራማውን ዳግመኛ እንደማያሳይ አስታወቀ።