ሰው የሌለበት ዳርቻ፦ «መምህሬ ኦክቶፐስ» የተሰኘው ፊልም ሲመዘን

ከመካከላችን ባሕር ያየ ጥቂት ነው። ስለ ባሕር ፊልም ሒስ ለመጻፍ መነሣታችን ድፍረት ሊመስል ይችላል። ይሁን እንጂ በየቀኑ አንድ ቦታ መዋል ምን እንደሆነ እናውቃለንና የምንለው አለን።

ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ2020 ወጥቶ በ2021 በዘጋቢ ፊልም ዘርፍ ኦስካር የተሸለመ ነው። አዘጋጆቹ ፒፓ ኧርሊክና ጄምስ ሪድ ሲሆኑ፣ ተራኪው ደቡብ አፍሪካዊው ፊልም ሠሪና የተፈጥሮ ተመልካች ክሬግ ፎስተር ነው። ፎስተር በኬፕ ታውን አካባቢ፣ ከሳይመንስ ታውን ብዙ ሳይርቅ፣ ሙቀት ጠባቂ ልብስ ሳይለብስና የአየር ጋን ሳይሸከም ወደ ቀዝቃዛው ባሕር በየቀኑ ይጠልቃል። ኬልፕ በሚባለው ረጅም የባሕር አረም ጫካ ውስጥ የምትኖረውን አንዲት ኦክቶፐስም አንድ ዓመት ያህል ይከታተላል።

የፊልሙ ጥንካሬ ትዕግሥቱ ነው። አንድ ቀን ፎስተር የካሜራ ሌንስ ከእጁ ይወድቅና እንስሳዪቱ ደንግጣ ጎሬዋን ለቃ ትጠፋለች። እሱም የበላቻቸውን ቅርፊቶችና የተዋቸውን ምልክቶች እያነበበ እንደ አዳኝ ዱካዋን ይፈልጋል። ይህን ጥበብ ያየው እ.ኤ.አ. በ2000 ከወንድሙ ጋር ስለ ካላሃሪ የሳን አዳኞች ባወጡት ፊልም ነው። ሻርክ ክንዷን ሲገነጥል ጣልቃ አይገባም፤ ክንዱም ቀስ በቀስ ተመልሶ ያድጋል። እንቁላሎቿን ጠብቃ ስትሞትም ለሌሎች ፍጥረታት ምግብ ትሆናለች። ይህ ሁሉ ሳይለባበስ ቀርቧል።

ድካሙስ? ዳርቻው ሰው አልባ መሆኑ ነው። ሳይመንስ ታውን እ.ኤ.አ. በ1967 በአፓርታይድ ሕግ የነጮች መኖሪያ ተብላ ስትታወጅ 7,000 ያህል ነዋሪዎች እንዲነሡ ተደርገዋል፤ ዓሣ አጥማጅ ቤተሰቦችም በውስጣቸው ነበሩ። ብዙዎቹ የተወሰዱበት ሰፈር ስም ኦሽን ቪው፣ ማለትም «ባሕር የሚታይበት» ነው። ፊልሙ ስለዚህ አንድ ቃል የለውም። ጎሬዋን ለቃ የሄደችውን ኦክቶፐስ ዱካ ቀን በቀን የፈለገ ዓይን፣ ከዳርቻው የተነሡትን ሰዎች ዱካ አልፈለገም።

«ታሪኩ የኦክቶፐስ እንጂ የከተማ አይደለም» የሚለን ይኖራል። እውነት ነው። ነገር ግን ፎስተር ራሱ ከእርሷ የተማረው የቦታው እንግዳ ሳይሆን አካል መሆንን እንደሆነ ይነግረናል። እኛ ይህን ቃል እንደ ዋዛ አናልፈውም። ማን የቦታው አካል፣ ማን እንግዳ እንደሆነ አንዳንዴ ባሕሩ ሳይሆን ሕግ እንደሚወስን እናውቃለንና።

ቢሆንም ፊልሙን እዩት፤ ማየትን ያስተምራል። አይታችሁም በልጅነታችሁ የምታውቁትን አንድ ወንዝ ወይም አንድ ምንጭ፣ እንስሳውንም ሰውንም ሳትተዉ፣ ጽፋችሁ ላኩልን። ለሚቀጥለው እትም ቦታ ይዘንላችኋል።