ስም አውጪው ትምህርት ቤት
«ስለ መቄዶንያ ጉዳዮች» የተባለው መጽሐፍ ሲመረመር

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። በመቄዶንያ ምድር ግን ለሕዝቡ ስም ያወጣለት ትምህርት ቤት ነው ቢባል ከእውነቱ ብዙ አይርቅም። ይህን ጉዳይ አጉልተው ከሚያሳዩት ጽሑፎች አንዱ ክርስተ ፔትኮቭ ሚሲርኮቭ በ1903 በሶፊያ ያሳተመው «ስለ መቄዶንያ ጉዳዮች» የተባለው መጽሐፍ ነው (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። መጽሐፉ አምስት ድርሰቶችን ብቻ የያዘ ቢሆንም የስኮፕዬና የሶፊያ ሊቃውንት እስካሁን አልተስማሙበትም። ከዚህም የተነሣ የታሪክ መማሪያ መጽሐፍ የሚያዘጋጅ ሁሉ ሊመረምረው የሚገባ ነው።

ሚሲርኮቭ በ1874 ፖስቶል በምትባል መንደር ተወለደ። መንደሪቱ ያን ጊዜ በቱርክ ሱልጣን ግዛት ውስጥ ነበረች፤ ዛሬ ግን ፔላ ተብላ በግሪክ አገር ትገኛለች። ትምህርቱን የጀመረው በግሪክ ትምህርት ቤት ሲሆን፣ ቀጥሎ በሰርቦች ድጋፍ በቤልግሬድ፣ ከዚያም በሶፊያ ተማረ። በመጨረሻም ወደ ሩሲያ ተሻግሮ በፖልታቫ የካህናት ትምህርት ቤትና በሴንት ፒተርስበርግ ዩኒቨርሲቲ ትምህርቱን ቀጠለ። በቢቶላ ከተማም በቡልጋርያ ቤተ ክርስቲያን ሥር በሚተዳደር ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አስተምሯል። በዚያ ዘመን በመቄዶንያ የተከፈቱት ትምህርት ቤቶች ሥራ ንባብና ሒሳብ ማስተማር ብቻ አልነበረም። የግሪኩ ትምህርት ቤት ሕፃኑን ግሪክ ነህ፣ የሰርቡ ሰርብ ነህ፣ የቡልጋሩ ደግሞ ቡልጋር ነህ ይለው ነበር። እንግዲህ ሚሲርኮቭ ስለ ስም ሲጽፍ በሩቅ የሰማውን ሳይሆን በገዛ ራሱ የደረሰውን ይጽፍ ነበር ማለት ነው።

መጽሐፉ የወጣው በነሐሴ ወር 1903 የተጀመረው የኢሊንደን ዐመፅ በቱርክ ጦር በተደመሰሰበት ወቅት ነው። ደራሲው ዐመፁን አይደግፍም። የመቄዶንያ ስላቮች ከቡልጋርያም ከሰርቢያም ተለይተው ራሳቸውን የቻሉ ሕዝብ መሆናቸውን ዐውቀው በሱልጣኑ መንግሥት ውስጥ በሰላም መሻሻልን እንዲሹ ይመክራል። ለዚህም የራሳቸው የጽሑፍ ቋንቋ እንዲኖራቸው ይጠይቃል፤ መጽሐፉንም የጻፈው በዚያው ቋንቋ ነው።

የመጽሐፉ ትልቅ ዋጋ ተቃዋሚው ሊያነሣው የሚችለውን ከባድ ጥያቄ ራሱ ማንሣቱ ነው። አባቶቻችንና አያቶቻችን ቡልጋሮች ነን ሲሉ ኖረው ሳለ እኛ እንዴት ሌላ ሕዝብ እንሆናለን? ደራሲው ይህን አይሸሽም፤ ስሙ በሕዝቡ ዘንድ ይነገር እንደነበር ያምናል። መልሱ ሕዝብ በታሪክ ሁኔታ የሚፈጠር ነገር ነው፤ ትናንት ያልነበረ ንቃት ነገ ሊኖር ይችላል የሚል ነው። በሰፈር ክርክር ጊዜ እንዲህ ያለ ቅንነት በብዙ ጸሐፊዎች ዘንድ አይገኝም።

ሁለተኛው ዋጋ ስለ ቋንቋ የሚናገረው ክፍል ነው። የማዕከላዊው አገር ማለት የፕሪሌፕና የቢቶላ አነጋገር መሠረት እንዲሆን፣ አጻጻፉም ድምፅን እንዲከተል አሳሰበ። ከ42 ዓመት በኋላ በ1945 የመቄዶንያ ፊደልና የአጻጻፍ ሥርዓት በዩጎዝላቪያ ሲደነገግ መሠረት የሆነው ይኸው የማዕከላዊው አካባቢ አነጋገር ነበር። በ1952 መታተም የጀመረው የብላዤ ኮነስኪ ሰዋስውም ይህንኑ አጸና።

ይሁን እንጂ መጽሐፉ ነቀፌታ የሌለበት አይደለም። አንደኛ፣ የሚናገረው የተማረውን ክፍል እያየ ነው። ማንነቱን ሲጠየቅ «ክርስቲያን ነኝ» ወይም «የእኛው ሰው ነኝ» ብሎ የሚመልሰው ገበሬ በድርሰቶቹ ውስጥ ድምፁ እምብዛም አይሰማም። ሁለተኛና ከሁሉ የሚከብደው ግን የሚከተለው ነው። ደራሲው የውጭ ትምህርት ቤቶችን የሚወቅሰው ለሕፃኑ ስም አውጥተው ስለሚሰጡት ነው፤ ያመጣው መድኃኒት ደግሞ ሌላ ስም የሚሰጥ ሌላ ትምህርት ቤት ነው። ሕፃኑ ስለ ስሙ እንዴት እንደሚጠይቅና እንደሚመረምር መጽሐፉ አያስብም።

ከደራሲው ድካም ይልቅ የአንባቢዎቹ ይብሳል። የስኮፕዬ ትምህርት ቤት ሚሲርኮቭን የአገር አባት አድርጎ ሲያስተምር የ1903ቱን መጽሐፍ ያነሣል። የሶፊያ ሊቃውንት ደግሞ ደራሲው ኋላ በቡልጋርኛ የጻፈውን፣ በ1917 በቤሳራቢያ ምክር ቤት የቡልጋርያውያን ወኪል መሆኑን፣ በ1913 በሩሲያኛ በጻፈው ማስታወሻም ራሱን የመቄዶንያ ቡልጋር ማለቱን ይጠቅሳሉ። ሁለቱም የያዙት እውነት ነው፤ ግን እኩሌታ እውነት ነው። አንደኛው ወገን አሮጌው ስም እንደነበረ ይደብቃል፤ ሌላው ሕዝብ ስሙን ሊለውጥ እንደሚችል ይክዳል። ሚሲርኮቭ ግን ሁለቱንም በአንድ ሕይወት ኖሮ በ1926 በሶፊያ ሞተ።

ስም ከላይ በትእዛዝ ሲወጣና ሲሻር ምን እንደሚሆን በቡልጋርያ ውስጥ ያለው የፒሪን አውራጃ ይመሰክራል። በ1947 ሶፊያና ቤልግሬድ በተወዳጁ ጊዜ ከስኮፕዬ መምህራን ተልከው በፒሪን የመቄዶንያን ቋንቋና ታሪክ አስተማሩ። በ1948 ስታሊንና ቲቶ ሲጣሉ መምህራኑ ተባረሩ። በ1956 በቡልጋርያ በተደረገው ቆጠራ 187,789 ሰዎች መቄዶንያውያን ተብለው ተመዘገቡ፤ የፓርቲው መመሪያ ከተለወጠ በኋላ በ1965 የተመዘገቡት ከ10,000 በታች ነበሩ። በዘጠኝ ዓመት ውስጥ ይህን ያህል ሕዝብ አልሞተም፤ አልተሰደደምም። የተለወጠው መዝገቡ ነው። በመጀመሪያው ቁጥርም ሆነ በሁለተኛው የሰውየው የልብ ሐሳብ በትክክል ተጽፏል ለማለት አይቻልም።

ክርክሩ ከዩጎዝላቪያ መፍረስ በኋላም አልቆመም። ቡልጋርያ በ1992 መጀመሪያ ለአዲሱ መንግሥት ዕውቅና ስትሰጥ ለሕዝቡና ለቋንቋው ለየት ያለ ስም አልተቀበለችም። በ2017 የተፈረመው የወዳጅነት ውል በታሪክና በትምህርት ጉዳዮች ላይ የሚመክር የጋራ ኮሚሲዮን አቋቋመ። ቢሆንም በ2020 ቡልጋርያ የሰሜን መቄዶንያን የአውሮፓ ኅብረት ድርድር በታሪክና በቋንቋ ምክንያት አገደች። የመማሪያ መጽሐፍ አንድ ምዕራፍ የአንድን አገር መንገድ ሲዘጋ መታየቱ የሥርዓተ ትምህርት ሥራ ምን ያህል ከባድ እንደሆነ ያስረዳል።

እንግዲህ «ስለ መቄዶንያ ጉዳዮች» በክፍል ውስጥ ቢነበብ የሚጠቅመው ከጥያቄው እንጂ ከመልሱ የተነሣ አይደለም። የኦሕሪድ ተማሪ አያቱ ራሱን ምን ብሎ ይጠራ እንደነበረ ያለ ሐፍረት መማር ይገባዋል። የብላጎየቭግራድ ተማሪም ጎረቤቱ ዛሬ ራሱን የሚጠራበትን ስም ያለ ንቀት መስማት ይገባዋል። የሙታን ስም በዘመናቸው እንደተጠሩበት ይጻፍ፤ የሕያዋን ስም ግን ራሳቸው እንደሚጠሩበት ይሁን። ይህን ለይቶ የሚያስተምር መጽሐፍ እስኪዘጋጅ ድረስ ሚሲርኮቭ ያነሣው ጥያቄ ከነቅንነቱ ቢነበብ ይበጃል።