ጭሰኛውና ጌታው፤ ስለ ጆርጅ ኸርበርት አንድ ግጥም

ጆርጅ ኸርበርት የእንግሊዝ ባለቅኔና ካህን ነበረ። በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1593 ዓ.ም. ከታላቅ ቤተ ሰብ ተወለደ። በ1620 በካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ ስም ለንጉሥና ለመኳንንት በላቲን ቋንቋ የሚጽፍና የሚናገር ሹም ሆነ፤ በ1624ም የሕዝብ እንደራሴዎች ምክር ቤት አባል ነበረ። በ1630 ክህነት ተቀብሎ በሳልዝበሪ ከተማ አጠገብ በነበረችው በቤመርተን መንደር ሲያገለግል፥ በ1633 በ39 ዓመቱ ዐረፈ። ግጥሞቹም በዚያው ዓመት «ቤተ መቅደስ» ተብለው ታተሙ።

በዚያ ዘመን በእንግሊዝ አገር ሹመት የሚሻ የመኳንንትን ደጅ ይጠና ነበር፤ ብዙው ገበሬም የጌታን መሬት በውል ይዞ ግብር ይከፍል ነበር። ኸርበርት «ቤዛ» ለተባለው ባለ14 መስመር ግጥሙ ምሳሌውን የወሰደው ከዚሁ ልማድ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። አንድ ጭሰኛ ኑሮው አልሳካ ቢለው፥ አሮጌው ውል ፈርሶ ግብሩ ያነሰ አዲስ ውል ይሰጠኝ ብሎ ሊለምን ጌታውን ፍለጋ ይነሣል። በሰማይ ወዳለው ግቢው ቢሄድ፥ በውድ ዋጋ የገዛውን መሬት ሊረከብ ወደ ምድር ወርዷል ይሉታል። እርሱም የጌታውን የትውልድ ክብር አስቦ በከተማ፥ በቴአትር ቤት፥ በአትክልት ስፍራና በቤተ መንግሥት ይፈልገዋል። በመጨረሻ የሚያገኘው ግን በሌቦችና በነፍሰ ገዳዮች መካከል ነው። ጌታውም፥ ጭሰኛው አፉን ሳይከፍት፥ ልመናውን ፈቅዶለት ወዲያው ይሞታል።

በእኛ የቅኔ አነጋገር ሰሙ የመሬት ውል፥ ወርቁ አሮጌውና አዲሱ ኪዳን ነው። ነገር ግን የግጥሙ ኀይል ከዚህም ይርቃል። ጭሰኛው ጌታውን ያውቀዋል፤ የሳተው ታላቅነትን ዓለም በሚሰፍርበት መስፈሪያ ስለ ሰፈረ ነው። ስለዚህ ተግሣጹ በደጅ ጠኚዎች ሁሉ ላይ ይደርሳል፤ ባለቅኔው ራሱም በዚያ ደጅ የቆመ ሰው ነበረና።

ይሁን እንጂ አንድ ነቀፌታ አለን። ባለቅኔው የግብሩን ክብደት ለምሳሌ ተጠቀመበት እንጂ፥ የምድራዊው ጭሰኛ ግብር ቅን ነውን ወይስ ግፍ ብሎ አልጠየቀም። ስለ ገጠር ካህን ኑሮ ጽፎት ከሞተ በኋላ በ1652 በታተመው መጽሐፉ ግን፥ ካህኑ ለድሆች እንዲያስብ አጥብቆ ይመክራል። ግጥሙን የሚያነብ ካህን ያንንም አብሮ ቢያነብ መልካም ነው። በግጥሙ ምሳሌ ሆኖ ያለፈው ድሀ በዚያ የሚራብና የሚታመም ጎረቤት ሆኖ ይገኛልና።